ረዳት ያልነበሩት ሶላንዥ ፕሩቮ

«ሁለት ክረምት በቦዩ ዳር» የተባለውን ፊልም ኤዲት ያደረጉት ሶላንዥ ፕሩቮ ናቸው። ፊልሙ ላይ ግን «ረዳት» ተብለው ተጽፈዋል። ውሸት ነው። ለቀብራቸው የመጣ ሁሉ ይህን አውቆ ይመለስ።

ወይዘሮ ሶላንዥ ከአባታቸው ከሞሪስ ፕሩቮና ከእናታቸው ከኢቬት ዴልማ እ.ኤ.አ. በመጋቢት 1938 በማርን ወንዝ ዳር፣ በዧንቪል ተወለዱ። አባታቸው ጀልባ ጠጋኝ ነበሩ፤ እናታቸው ደግሞ በፊልም ማጠቢያ ቤት የተቆረጠ ፊልም ያጣብቁ ነበር። እሳቸውም በአሥራ ስድስት ዓመታቸው ትምህርታቸውን አቋርጠው፣ ነጭ የጥጥ ጓንት አጥልቀው እናታቸው አጠገብ ሥራ ጀመሩ። በ1965 ኤዲተር ሆኑ። በዚያን ጊዜ የኤዲቲንግ ክፍሎችን የሞሉት ሴቶች ነበሩ፤ ወንዶቹ ሥራውን እንደ ልብስ ስፌት ይንቁት ስለነበር ነው።

በ1962 የፊልም መብራት ሠራተኛውን ሬሚ ኮላን አግብተው ሁለት ሴት ልጆች ወለዱ።

በ1974 ዳይሬክተሩ አርማን ሌስትራድ «ሁለት ክረምት በቦዩ ዳር»ን ገና ከአራት ሰዓት በላይ የሚፈጅ የተዘበራረቀ ፊልም ሳለ ጥሎላቸው ለነሐሴ ዕረፍት ወደ ባሕር ሄደ። ፓሪስ ጭር ብላ፣ ዳቦ ቤቱ እንኳ ተዘግቶ፣ ሶላንዥ ብቻቸውን ቆረጡ፣ ቀጠሉ። በመስከረም ሲመለስ ያለቀ ፊልም አገኘ፤ አይቶም አለቀሰ። በምረቃው ምሽት ግን የኤዲተሩ ስም የራሱ ሆኖ ወጣ። ሶላንዥ ለምን ብለው ሲጠይቁት በሰው ፊት ሳቀ።

«ሶላንዥዬ፣ እጁ ያንቺ ነው፤ ዓይኑ ግን የኔ።»

ዓይኑ ነሐሴን ሙሉ ባሕር ላይ ነበር። ለኤዲቲንጉ የተሰጠውን ሽልማትም እሱ ወሰደ። ሶላንዥ ከዚያ በኋላ ሠላሳ አንድ ፊልሞች ሠርተዋል፤ ሰው የሚያወራው ግን ስለዚያኛው ብቻ ነው።

በቆሽት ካንሰር ሲታከሙ ቆይተው የካቲት 9 ቀን 2019 በሰማንያ ዓመታቸው በሞንትሮይ ቤታቸው ዐረፉ። ባለቤታቸው በ2003 ቀድመዋቸዋል። ሁለት ልጆች፣ አራት የልጅ ልጆችና አንዲት እህት ትተዋል። ነፍሳቸው በገዛ ስሟ ተጠርታ ትረፍ።

አንድ ነገር ሳይነገር ግን አይቀበሩም። ባለፈው ኅዳር የዳይሬክተሩ ልጅ ቲቦ ያንኑ ፊልም ታድሶ ከሕዝቡ በፊት እንዲያዩ ጠራቸው። ፊልሙን ያደሰችው ባለሙያ በየመቀጠያው ላይ የሶላንዥን የእጅ ጽሑፍ አግኝታ ነግራዋለች። ፊልሙ ላይ ያለው የሠራተኞች ስም ዝርዝር ግን እንደ ድሮው ነበር። ይባስ ብሎ መድረክ ላይ ወጥተው ስለ አባቱ ዓይን እንዲናገሩለት ለመናቸው። ስለ ስማቸው ሲጠይቁት፣

«ማዳም ሶላንዥ፣ የድሮ ፊልም ሲታደስ እንደነበረ ነው የሚቀመጠው። መንካት አይቻልም» አለ።

«ጭረቱን ሁሉ አጥፍታችሁ የለ እንዴ?» አሉት። «ይሄም ጭረት ነው። አጥፋው።»

እሱ ስለ ሕጉና ስለ አባቱ ውርስ ማስረዳት ጀመረ። ሶላንዥ ካፖርታቸውን ለበሱ፣ ምርኩዛቸውን አነሡ፤ እሱ ንግግሩን ሳይጨርስ ከአዳራሹ ወጥተው በሩን ዘጉት።