የገጽ 113 ጀርባ

ለተከበሩ የወንጀል ችሎቱ ሰብሳቢ ዳኛ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ለክቡርነትዎ ጤና፣ በተለይም ለዓይንዎ ብርሃን፣ ያለኝን መልካም ምኞት በአክብሮት እገልጻለሁ።

እኔ ሠላሳ ዓመት የወንጀል ሕግ ያስተማርኩና ስለ ተጠርጣሪዎች መብት አንድ መጽሐፍ የጻፍኩ ጡረተኛ ነኝ። መጽሐፉን ከአራሚው በቀር ያነበበው ሰው መኖሩን እርግጠኛ አልነበርኩም። ባለፈው ማክሰኞ ግን ክቡርነትዎ ለታናሽ ወንድሜ ዋስትና ሲከለክሉ ገጽ 113ን ጠቅሰው አነበቡልን። ስሜ በችሎት ሲጠራ ሰምቼ ስለማላውቅ እጅ ልነሣ ምንም አልቀረኝም ነበር። ምስጋናዬ ወሰን የለውም፤ ቅሬታዬ ግን ጥቂት ነው።

1. በገጽ 113 ላይ «ተጠርጣሪ ታስሮ ቢከራከር ለፍትሕ ይበጃል» የሚለው የእኔ ሐሳብ ሳይሆን የተቃዋሚዎቼ ነው። እኛ መምህራን የምናፈርሰውን ቤት መጀመሪያ አሳምረን የመሥራት ክፉ ልማድ አለብን። ማፍረሱ የሚጀምረው በገጽ 114፣ ማለትም በዚያው ቅጠል ጀርባ ነው።

2. ዐቃቤ ሕጉ ከመዝገቡ ጋር ያያያዙት ፎቶ ኮፒ የቅጠሉ አንድ ፊት ብቻ ነው። ይህን ለማመልከት እጄን ባወጣ፣ ክቡርነትዎ ታዳሚ መናገር እንደማይችል በትሕትና አስረዱኝ። ደራሲው ነኝ ብል፣ መጽሐፉ ራሱ ይናገራል አሉኝ።

3. ወንድሜ የኤሌክትሪክ ሠራተኛ ነው፤ የታሰረው መስመር የዘረጋበት መጋዘን ስለ ተቃጠለ ነው። ሃያ ዓመት በአንድ ቤት ስንኖር መጽሐፌን ገልጦት አያውቅም። ሐሙስ ልጠይቀው ብሄድ የበሩ ጠባቂ፣ «ጋሼ፣ አልወጣም ብሏል። ያንን የጻፈው እሱ ከሆነ ምን ሊያይ መጣ ይላል» ብሎ መለሰኝ። ምሳ ዕቃውም ሳይከፈት ተመለሰ። ለሁለት ሰው መሥራት ስለ ለመድኩ ቤት ያለውም ተርፏል፤ ይህ ግን ከክቡርነትዎ ሥልጣን ውጭ መሆኑን እረዳለሁ።

ቀጣዩ ቀጠሮ ከሃያ አንድ ቀን በኋላ ነው። የሥራው ብዛት ፋታ ከሰጠዎ፣ እስከዚያ ቅጠሉን እንዲገለብጡልኝ እለምናለሁ።

ለክቡርነትዎ ንባብ፣ እስከ ደረሰበት ድረስ፣ ከፍ ያለ አክብሮት ያለኝ፣
የመጽሐፉ ደራሲ (ከገጽ 114 ጀምሮ)

ድኅረ ጽሑፍ፦ ዋስትናውን የሚፈቅዱ ከሆነ፣ የቤቴ በር ክፍት መሆኑን በውሳኔዎ ላይ አንድ መስመር ያስገቡልኝ። ወንድሜ ስለ እኔ እርስዎ የሚሉትን እንጂ እኔ የምለውን አያምንም።