የመምህርት ተሾመች ሀብተ ማርያም ዕረፍትና በካርታው ላይ ያልነበረው ስማቸው

የሞላሌ ነባር መካነ መቃብር ጥበቃ ማኅበር መሥራች አባሉን መምህርት ተሾመች ሀብተ ማርያምን በሞት ተነጥቋል። መምህርት ተሾመች ትናንት የካቲት 9 ቀን 2017 ዓ.ም. በተወለዱ በስልሳ ስምንት ዓመታቸው በቤታቸው ዐርፈዋል። ማኅበሩ የተሰማውን መሪር ሐዘን ይገልጻል።

መምህርት ተሾመች ለሠላሳ አንድ ዓመት ጂኦግራፊ አስተምረዋል። ቅዳሜያቸው ግን የመካነ መቃብሩ ነበር።

በ1998 ዓ.ም. የክረምት ጎርፍ የታችኛውን ረድፍ መቃብሮች ሲሸረሽር ብዙዎቻችን ግንብ ይሠራ አልን። እሳቸው ዝናብ ላይ ቆመው ውኃው የሚመጣበትን አጠኑ። ከላይ በኩል የጎርፍ መቀልበሻ ቦይ አስቆፈሩ፤ በዳሩ ጥድና ወይራ ተከሉ። ከዚያ ወዲህ አንድም መቃብር አልታጠበም።

በ2004 ዓ.ም. ጽሑፍ የሌላቸውን 412 መቃብሮች አረጋውያንን እየጠየቁ መዘገቡ። ከሩቅ የመጡ ልጆች የአባታቸውን ራስጌ ያገኙት በዚህ መዝገብ ነው።

በ2011 ዓ.ም. መቃብሮቹን፣ ቦዩን፣ መተላለፊያውንና ዛፎቹን የያዘ ካርታ ሠሩ። ማኅበሩ ካርታውን በሩ ላይ ሲሰቅል በነዳፊነት የጻፈበት የወቅቱን ሰብሳቢ ስም ነው። ይህ የጽሕፈት ስሕተት አልነበረም፤ እያወቅን አደረግነው። ጉዳዩ በጉባኤ ሲነሣ መምህርት ተሾመች፣ «ውኃው የማንን ስም አይቶ ነው የሚዞረው? እናንተ ብቻ ዛፉን አትንኩ» አሉ። እኛም ይህን እንደ ይቅርታ ቆጥረን ስድስት ዓመት ዝም አልን።

በ2015 ዓ.ም. ለሲሚንቶ ሐውልት ቦታ እንዲገኝ የላይኞቹ ጥዶች ይቆረጡ የሚል ሐሳብ ቀረበ። ብቻቸውን ተነሥተው ተቃወሙ፤ የሌላ ሰው ስም የተጻፈበትን የራሳቸውን ካርታ ዘርግተው፣ ጥዱ ሲወድቅ ጎርፉ የማንን መቃብር እንደሚወስድ እያመለከቱ አስረዱ። ጥዶቹ ዛሬም ቆመዋል።

የቀብር ሥነ ሥርዓታቸው ዛሬ ከቀኑ በሰባት ሰዓት፣ ከጎርፍ ባዳኑት በታችኛው ረድፍ ይፈጸማል። በኑዛዜያቸው መሠረት ሐውልት አይሠራላቸውም፤ ራስጌያቸው ላይ የወይራ ችግኝ ይተከላል።

ለልጃቸው ለወይዘሪት ምስክር አባይነህ፣ ለቤተሰባቸው፣ ለሥራ ባልደረቦቻቸውና ላስተማሯቸው ሁሉ መጽናናትን እንመኛለን። ነፍሳቸውን በአጸደ ገነት ያኑርልን።

የቀድሞው ካርታ ዛሬ ጠዋት ከበሩ ወርዷል። በምትኩ የተሰቀለው «ነዳፊ፦ መምህርት ተሾመች ሀብተ ማርያም» ይላል። ዘግይተን ጽፈነዋል፤ ቀባሪ ሁሉ ሳያነበው እንዳይገባ አደራ እንላለን።

የሞላሌ ነባር መካነ መቃብር ጥበቃ ማኅበር
የካቲት 10 ቀን 2017 ዓ.ም.