ይግባኙ የት ቀረ

ሞጣ፣ ግንቦት 2010 ዓ.ም.

ይድረስ ለልጄ፣

እንዴት ከርመሻል? ጤናሽስ? ብርዱስ፣ ሥራውስ፣ የከተማው ግርግርስ እንዴት ይዞሻል? እኔ ፈጣሪ ይመስገን አለሁ። «አለሁ» የሚለውን ዘሚራ ደግማ እንድትጽፈው አዝዣታለሁ፤ አለሁ። ምክንያቱን ኋላ ትደርሽበታለሽ።

ዘሚራ የሐጂ አብዱልሐኪም ልጅ ናት፤ ከአክስትሽ ቤት ፊት ለፊት ፎቶ ኮፒ ቤት አላት። እኔ እናገራለሁ፣ እሷ ትጽፋለች። ገና ከመጀመራችን «አባባ፣ እዚህ ላይ 'ናፍቀሽኛል' ብንልስ?» አለችኝ። ያላልኩትን አትጻፊ አልኳት።

ለምን አልደወለም ትይ ይሆናል። በስልክ ድምፅሽን ከሰማሁ ያሰብኩት ሁሉ ይጠፋብኛል። ደብዳቤ ደግሞ መሀል ገብቶ አያቋርጠኝም።

ነገሩ እንዲህ ነው። በጥር፣ ቢቸና ቤቴ ደጃፍ ተቀምጬ ሞፈር ስጠርብ ከመንገዱ በኩል ዋይታ ሰማሁ። ነጠላውን ያዘቀዘቀ ሰው ወደ እኔ ግቢ ይጎርፋል። መርዶ ሊያረዱኝ ነው ብዬ መጥረቢያዬን ጣልኩና እኔም «ወይኔ! ወይኔ!» እያልኩ ወጣሁ። ከፊት አክስትሽ ፈንታነሽ ናት፤ አቀርቅራ ደረቷን ትደቃለች። «ማን ነው? ማንን አጣን?» አልኳት። «ፈረደን ነዋ! ወንድሜን!» አለችና ቀና ስትል አየችኝ።

መጀመሪያ አማተበች። ቀጥሎ በጥፊ ልትለኝ ቃጣት። «ከሞጣ ድረስ መኪና ተኮናትሬ የመጣሁት ሞፈር ስትጠርብ ላይህ ነው?» ብላ ጮኸችብኝ። ስላልሞትኩ ይቅርታ ጠየቅኋት፤ ምን ላድርግ።

ለካ ጥፋቱ ያንቺ ኖሯል። ከጓደኞችሽ ጋር በተውሶ ካሜራ የሠራሽው ፊልም ቁራጩ ከስልክ ስልክ ሲዞር ሞጣ ገበያ ደርሷል። ፈንታነሽ አየችው፤ ጥቁር ለብሰሽ፣ ፀጉርሽን ተላጭተሽ፣ «አባቴ ፈረደ» እያልሽ ስትወድቂ ስትነሺ። ፊልም ይሁን መርዶ በምን ትለየው? ልጅ በአባቷ ስም በሐሰት ታለቅሳለች ብሎ የሚያስብ ሰው በእኛ አገር የለም።

የመጣ ሰው ባዶ አፉን አይመለስምና ጠላ አስቀዳሁላቸው። ከዚያ ስልኩን መሀል አስቀምጠው ሙሾሽን ከፈቱት። እኔም በገዛ ለቅሶዬ ተቀምጬ ሰማሁ።

የሰውን ልጅ ሁሉ ሲያስታርቅ የኖረ፣
አባቴ ፈረደ፣ ይግባኙ የት ቀረ።

ሰዉ «ወይ አልቃሽ! ምን ዓይነት ልጅ ወልደሃል!» አለ። የቅኔ መምህሩ መሪጌታ ባንተአምላክ ግን ወደ ጆሮዬ ጠጋ አሉ። «ፈረደ፣ ሰሙን አገሩ ሁሉ ሰማው፤ ወርቁ ግን ያንተ ነው» አሉኝ። ፊደል ባልቆጥርም ስሜን አላጣውም። ሌላው የሟቹን ስም ሰማ፤ እኔ ፍርዴን ሰማሁ።

ተዋናይ ልሁን ብለሽ የሄድሽ ቀን ቢቸና መናኸሪያ፣ አውቶቡሱ ሊነሳ ሲል ያልኩሽን አልረሳሁም። «የአዝማሪ አባት አልባልም፤ ከዛሬ ጀምሮ ስሜን እንዳትጠሪ» አልኩሽ። በሰው ፊት ነው ያልኩት፤ አልክድም። አንቺም ቃሌን አከበርሽ። በፊልሙ መጨረሻ የሠሩት ሰዎች ስም ሲወጣ ያንቺ ብቻውን ነው ይሉኛል፤ የአባት ስም የለውም። እንዲህ ታዛዥ መሆንሽን ባውቅ ኖሮ ሌላ ነገር አዝሽ ነበር።

እናትሽ፣ ነፍሷን ይማረውና፣ የአገሩ አልቃሽ ነበረች። ለማታውቀው ሬሳ ሳይቀር ገጥማ ደብር ሙሉ ሰው ታስለቅስ ነበር። አንድም ቀን አዝማሪ ብያት አላውቅም፤ እንዲያውም ከወንዶቹ መሀል ደረቴን ነፍቼ እቆም ነበር። አንቺ ያንኑ በካሜራ ፊት ብታደርጊው ምን ይጎዳኝ ነበር?

ሞጣ ከመጣሁ ወዲህ ዘሚራ ያንን ፖድካስት የሚሉትን ፕሮግራምሽን ታሰማኛለች። አልጋዬ ላይ ሆኜ አዳምጥሻለሁ። ደህና ትናገሪያለሽ፤ ሰው ግን ሳይጨርስ ታቋርጫለሽ፤ ይህን ከእኔ ነው የወሰድሽው። የምትጋብዣቸውን ተዋናዮች ሁሉ «ይህን ሥራ ስትጀምሪ አባትሽ ምን አሉ?» ትያለሽ። አንዷ መረቁኝ ትላለች፣ አንዷ ደበደቡኝ ትላለች። አንቺ ትስቂና ታልፊዋለሽ። በቀደም ግን አንዷ ደፋር «ያንቺስ?» አለችሽ። ዝም አልሽ። ዘሚራ ስልኩ የተበላሸ መስሏት ትነካካው ጀመር። አልተበላሸም፣ ተይው አልኳት።

የቤቱን ነገር አታስቢ። መሬቱን ዘንድሮ የወንድሜ ልጅ አንዷለም የእኩል ያርሰዋል፤ በሬዎቹም እሱ ጋ ናቸው። ያን የጠረብኩትን ሞፈርም ሰጠሁት። እኔ እዚህ የከረምኩት ሆስፒታሉ ስለሚቀርበኝ ነው፤ ሆዴን ትንሽ ያመኛል። ሐኪሙ ገና ለጋ ነው፤ ዓይን ዓይኔን አያየኝም። ፈንታነሽን ደጅ ጠርቶ ነው የሚያናግራት። እሷም ከዚያ ወዲህ ተቆጥታኝ አታውቅም። ይህ አላማረኝም።

እንግዲህ ስሚኝ። ስንቱን ሰው ሳሸማግል ኖሬ፣ አንዴ ያልኩትን መልሼ አላውቅም። ይህን መልሻለሁ። የሚቀጥለውን ፕሮግራምሽን ስትጀምሪ ስምሽን ከነአባትሽ ጥሪው። ዘሚራ ታሰማኛለች፤ ብቻ አታዘግዪው። ያቺ ደፋር እንግዳሽም ተመልሳ ከመጣች መልስ አለሽ፤ ይግባኙ ተሰምቷል በያት።

ለመምጣት ከተመቸሽ በደጀን በኩል መንገዱ ደህና ነው። ከደረስሽ ደረስሽ። ባትደርሺ ግን ሁለተኛ እንዳታለቅሺልኝ። እንዲያ ያለ ለቅሶ ለአንድ ሰው አንዴ ይበቃዋል፤ እኔ ደግሞ በገዛ ጆሮዬ ሰምቼዋለሁ። ይህ ለስንቱ ደርሶታል?

የቆምሽበት ይደላደልልሽ፤ የተናገርሽው መሬት አይውደቅ። የእናትሽን ጉሮሮ የሰጠሽ ጌታ ዕድሜውን አይንሳሽ። ድንግል ከክፉ ሁሉ ትሰውርሽ።

ዘሚራ ቅድም የከለከልኳትን ቃል ከመሀል የሆነ ቦታ ብታስገባውም እኔ አላውቅባትም፤ ማንበብ አልችል።

የአውራ ጣቴን አሻራ አድርጌበታለሁ። ስሜን ግን ከታች እንዳትጽፈው ብያታለሁ፤ አንቺ ጥሪው።

አባትሽ