ስምህን የዋሸሁበት ሰሌዳ

አባዬ፣

ከተለየኸን ሁለት ዓመት ከአራት ወር ሆነ። እስከ ዛሬ ሳልጽፍልህ የቆየሁት ጊዜ አጥቼ አይደለም፤ በምን ፊቴ ብዬ ነው። ያፈረ ሰው ጫማውን ያያል ትል ነበር። እኔም ይኸው እየጻፍኩ ጫማዬን አያለሁ፤ ያውም የቤት ነጠላ ጫማ።

አስቀድሜ የቤቱን ልንገርህ። እማዬ ደህና ናት። እዚያው በሰው አገር፣ የኖርክበት ሬኒየር ቫሊ ሰፈር ናት፤ ጉልበቷ ደረጃውን እየጠላ መጣ እንጂ ሌላ ሕመም የላትም። እኔ አግብቼ ሊንውድ ገብቻለሁ። ባሌን አታውቀውም። ብታውቀው ትወደው ነበር፤ በተለይ ዝም ሲል። እማዬ ጓዳ በየብልቃጡ ላይ የለጠፍካቸው ወረቀቶች አሁንም እንዳሉ ናቸው። በርበሬው፣ ሽሮው፣ ጨው ሳይቀር የተከፈተበት ቀን በእጅህ ተጽፎበታል። ጨው ምን ይበላሻል ብላ እማዬ ስትስቅብህ፣ ቀን ያልተጻፈበት ዕቃ አላምንም ትላት ነበር። ውስጡ ያለው ስንቴ አልቆ ስንቴ ተሞልቷል፤ ወረቀቱን ግን እማዬ አታነሳውም። ብልቃጡን ስታጥብ እንኳን ጽሑፉን በጣቷ ከልላ ነው።

ልጅም ወልጃለሁ፤ ወንድ። ዛሬ ሃያ ስድስት ቀኑ ነው። ይህን ደብዳቤ ያስጻፈኝ እሱ ነው።

የስምህን ነገር የነገርከኝ የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሳለሁ፣ ብርቱካን እየላጥክልኝ ነበር። አያቴ ከታላቅ እህትህ ቀጥላ አራት ልጆች ወለደች። አራቱም ቢጫ እየሆኑ በተወለዱ በሳምንታቸው ሞቱ። ለክርስትና ስላልደረሱ ስም እንኳን አልወጣላቸውም። አገሩ ሾተላይ አለባት አለ። አንተ ስትወለድ፣ የእሷ ልጅ አለመሆንህን ሞት እንዲያምን ለጎረቤት ሰጥታህ በቁራሽ ጨው መልሳ ገዛችህ። ስምህንም ቢተው አለችህ። ሞት ይህንንስ ቢተው ማለቷ ነው። ስም ሳይሆን ልመና ነበር።

ከዚያ ዩኒቨርሲቲ ገብተህ የራስህን ደም መረመርክ፤ ለዕረፍት ስትመለስ ደግሞ የእናትህን ጣት ወጋህ። ደማችሁ አንድ ዓይነት ሆኖ አገኘኸው። አራቱ ወንድሞችህ የአባታቸውን ደም በመውሰዳቸው የእናታቸው ደም እንደ ባዕድ ቆጥሮ አጠቃቸው፤ አንተን ግን እንደ ራሱ ቆጠረህ። ያተረፈህ ስሙም ጨዉም አልነበረም። ይህን ለአያቴ ሳትነግራት ሞተች። ለምን ብዬ ስጠይቅህ፣ ስሙ ያዳነኝ እንደሆነ አምና ኖራለች፣ ይህን አልነጥቃትም አልከኝ። ብርቱካኑንም ለሁለት ከፍለህ ትልቁን ሰጠኸኝ።

ዕድሜህን የጨረስከው በዚያ ቢጫነት ላይ ነው። የጨቅላ ደም ምን ያህል እንደተመረዘ ለማወቅ ብዙ ደም መቅዳት ያስፈልግ በነበረበት ጊዜ፣ ከተረከዝ በምትወሰድ አንዲት ጠብታ እንዲለካ ደከምክ። ማታ ስትገባ የምታወራን ስለ ሌላ ነገር አልነበረም። እኔም፣ አባቴ የሰው ተረከዝ ሲወጋ የሚውል ሰው ነው እያልኩ ከጓደኞቼ ጋር እስቅ ነበር።

የሞትከው በሰባ ሰባቱ ድርቅ ነው። ያኔ ቴሌቪዥን በተከፈተ ቁጥር የሚታየው ያገራችን ሕፃናት ነበሩ። መሥሪያ ቤቴ ውስጥ ምሳዬን ስበላ እንኳን ሰው በአዘኔታ ያየኝ ነበር። በዚያው ሰሞን ላቦራቶሪህ መታሰቢያ አዘጋጀልህ፤ ናሙና የምታስቀምጥበት ክፍልም በስምህ ሊጠራ ሆነ። እነሱ በአባትህ ስም ሊጠሩህ ሲሞክሩ፣ የእኔ ስም ቢተው ነው እያልክ አስለምደሃቸው ኖሯል። አለቃህ፣ ሽበታሟ ፕሮፌሰር፣ በዚያ ሁሉ ሰው ፊት የስምህን ትርጉም ጠየቁኝ።

እውነቱን አውቀዋለሁ። ግን አፌን ስከፍት ያ አዘኔታ ከሁሉም ፊት ላይ ሲመጣ ታየኝ። ሞት እንዲምረው የተለመነለት፣ በቁራሽ ጨው የተገዛ ልጅ። በቴሌቪዥን ያዩትን ሁሉ አምጥተው አንተ ላይ ሊጭኑብህ ነው ብዬ ሰጋሁ። እናም፣ ብርሃን ሰጪ ማለት ነው አልኳቸው። አጨበጨቡ። እኔም ደስ አለኝ፤ ለዚያች አፍታ ከልቤ ደስ አለኝ። ከሁሉ የሚያሳፍረኝ እሱ ነው።

ከወር በኋላ ጠርተው የነሐስ ሰሌዳ አሳዩን። ስምህ፣ ከሥሩም «በአገሩ ቋንቋ፣ ብርሃን ሰጪ» ይላል። እማዬ እንግሊዝኛው ስለማይገባት ምን ይላል አለችኝ። ስሙ ብቻ ነው አልኳት። ሰሌዳውን በነጠላዋ ጫፍ ጠረግ አድርጋ ሳመችው። ስንቅና ውሸት እያደር ይቀላል ይባላል፤ የእኔው ግን በነሐስ ተቀርጾ፣ በአራት ብሎን ታስሮ ቁጭ አለ።

ወደ ሁለት ዓመት ገደማ እንዲህ አለፈ። ዘንድሮ አምስት ወር ነፍሰ ጡር ሆኜ፣ ከቤተ ክርስቲያን ስንወጣ ጋሽ ወርቁ ጠሩኝ። መቼም አትረሳቸውም፤ ከእማዬ ፎቅ በታች የሚኖሩት፣ በዳማ የሚያሸንፉህ ሽማግሌ ናቸው። ለካ እሳቸው ላቦራቶሪህ ያለበትን ሕንፃ የማጽዳት ሥራ ከጀመሩ ሰነባብተዋል። ወደ መኪና ማቆሚያው ፈቀቅ አድርገውኝ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «ልጄ፣ እሱን ሰሌዳ በየቀኑ ክሊን የማደርገው እኔ ነኝ። ሶ በየቀኑ አነበዋለሁ» አሉኝ። ለማንም እንዳልተናገሩ፣ ለእናቴም እንደማይናገሩ ከፊታቸው አየሁ። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር። ያን ቀን መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ አልጠላም ነበር።

እንዲያም ሆኖ ሰሌዳውን ላስቀይር አልሄድኩም። ከወለድኩ በኋላ እያልኩ አሳለፍኩት። በሰባተኛው ወር ሐኪም ቤት የደምሽ ዓይነት ከልጅሽ ጋር ላይስማማ ይችላል፣ መርፌ ያስፈልግሻል አሉኝ። ያንተ ደም፣ የአያቴ ደም ነው። ነርሷ ቅጹን ይዛ፣ በቤተሰብሽ ጨቅላ የሞተበት አለ ወይ ብላ ጠየቀችኝ። አራት አልኩና እንባዬ ቀደመኝ። የእነሱን ነገር ለመጀመሪያ ጊዜ ከአፌ ያወጣሁት ያኔ ነው። መርፌው ሲወጋኝ አያቴን አሰብኳት። እሷ ያላት ቁራሽ ጨውና አንድ ስም ብቻ ነበር፤ እኔ ያንን ስም ነው በሰው ፊት የካድኩት።

ልጄ በተወለደ በሦስተኛው ቀን ትንሽ ቢጫ አለ። ብዙ አይደለም፤ በራሱ ጊዜ ለቀቀው። ተረከዙን ሲወጉት ግን እሪ አለ፣ እኔም አብሬው። አንዲት ጠብታ ወሰዱ፣ ብቻ አንዲት። የሳቅኩበት ሥራህ ልጄ ተረከዝ ላይ ደረሰ፤ እኔ ደግሞ ያንን ሥራ ያሠራህን ነገር ደብቄአለሁ። ስምህን ብቻ መስሎኝ ነበር የዋሸሁት። ለካ ለምን እንደደከምክም ነው።

ባለፈው ሳምንት ልጁን አዝዬ ላቦራቶሪህ ሄድኩ። ለፕሮፌሰሯ ከሾተላዩ እስከ ጨዉ፣ ከድርቁ እስከ ጭብጨባው ሁሉንም ነገርኳቸው። ጫማዬን እያየሁ ነው የተናገርኩት። እስከ መጨረሻው ሰሙኝና ከመደርደሪያ ላይ ያንተን ደብተሮች አወረዱ። የእያንዳንዱን የመጀመሪያ ገጽ ገለጡ። ገጹ ራስ ላይ፣ ከቀኑም ከርዕሱም በላይ፣ አራት አጫጭር ጭረቶች ነበሩ። በሁሉም ደብተር። ምን እንደሆኑ ደጋግመው ጠይቀውህ፣ ልማድ ነው ብለህ አልፈሃቸዋል። ሰው ሁሉ ሲገምት ኖሯል።

እኔ መገመት አላስፈለገኝም። ስም ስላልነበራቸው ጭረት ሰጠሃቸው። ያን ሁሉ ዓመት ሥራ የጀመርከው እነሱን ቆጥረህ ነው። ለፕሮፌሰሯ ስነግራቸው መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡ። የፈራሁት አዘኔታ አልነበረም ፊታቸው ላይ። አክብሮት ነበር። ያኔ እውነቱን ተናግሬ ቢሆን ያ ሰው ሁሉ እንዲህ ያይህ ነበር ይሆናል፤ እኔ ግን ዕድሉን ነፈግኩህ።

ሰሌዳው ተነሥቷል። አዲሱን እኔ ነኝ የጻፍኩት፤ የሚለው የአያቴን ልመና ነው። አሮጌውን ለምኜ ወስጄው ማንኪያ የማስቀምጥበት መሳቢያ ውስጥ አድርጌዋለሁ፤ በከፈትኩት ቁጥር እንዲያየኝ። ለእማዬም ነገርኳት። ሦስት ቀን አላናገረችኝም። በአራተኛው ደወለችና ልጁ ጡት ይዟል ወይ አለችኝ። ይቅርታ ይሁን አይሁን አላወቅሁም። ጋሽ ወርቁ ግን የልጄ የክርስትና አባት ሊሆኑ ነው፤ ራሳቸው ናቸው የጠየቁኝ።

ስምህን ለልጄ አልሰጠውም። ያ ስም አንድ ጊዜ የተለመነ ልመና ነው፤ ተሰምቷል። ለእሱ ስምን መልአክ ያወጣዋል እንደሚባለው፣ አርባ ቀን እስኪሞላው ድረስ እንጠብቃለን። ሲያድግ ግን ያንተን ከነትርጉሙ ያውቀዋል፤ በሰው ፊት ቆሞም ይናገረዋል። እኔም ከእንግዲህ የጠየቀኝ ሁሉ እውነቱን ይሰማል፤ ማዘን የፈለገ ይዘን። ለዚህ ቃሌን ሰጥቼሃለሁ፣ ቃሌ ድሮ ያወጣ የነበረውን ዋጋ ባያወጣም።

በዚህ ደብዳቤ ራስ ላይ አራት ጭረት ጭሬአለሁ። ሦስተኛዋ ጠማማ ናት። ያንተዎቹ ሁሉም ቀጥ ያሉ ነበሩ።

ልጅህ
ትርሲት ቢተው