ቴአትሩ የሚቆምበት ቦታ

ለምወድሽ እህቴ ለአገኘሽ ኤርጫፎ፤

ጤናሽ እንዴት ነው? የቤይሩት ክረምትስ እንዴት ያዘሽ? የምትሠሪላቸው ሰዎች እረፍት ይሰጡሻል? እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን። እማዬ ዓይኗ ትንሽ ደከም ብሏል እንጂ ሌላ ሕመም የላትም። አባባም ከዶርዜ ወርደው እኛ ዘንድ ከርመዋል።

«ኮንትራቴ ግንቦት ላይ ያልቃል፤ ካሱ እዚያው ካለ ግን አልመጣም» ብለሽ ልከሻል። ያየሁትን እጽፍልሻለሁ፤ ውሳኔው ያንቺ ነው።

ካሱ አለ። መነኸሪያውን ግን ለቋል። የሙዝ መደብሽን በትኖ ክንድሽን ሲሰብር አብረውት የነበሩት ዱርዬዎች ተበታትነዋል። እሱም ታስሮ ወጣና እዚሁ ሲቀላ ሰፈር የቪዲዮ ቤት የነበረውን አዳራሽ ተከራይቶ የቴአትርና የሙዚቃ ቡድን አቋቋመ። ድሮ ሾፌር ያስፈራሩለት ከነበሩት ሁለቱ አሁን በር ላይ ቆመው ትኬት ይቆርጣሉ። ሰዉ «መጀመሪያ የገባነው እንዳይመታን ፈርተን ነው» እያለ ይቀልዳል፤ አሁን ግን ወዶ ነው የሚሰለፈው።

የሚያሳየው ቴአትር የመነኸሪያ ዱርዬ ታሪክ ነው። ዱርዬውን የሚጫወተው ራሱ ነው። ጎረቤታችን ፀዳለ አይታው ስትመለስ «ይኼ ምኑ ትወና ነው? ልብሱን እንኳ አልቀየረም» አለች።

በጥምቀት ማግስት አባባ «እኔም ልየው» አሉና አብረን ሄድን። ቴአትር አይተው አያውቁም። ለበዓሉ ወለሉ ላይ ሣር ተጎዝጉዞ ነበር፤ ፊት ወንበር ላይ ተቀመጥን። ካሱ ሙዝ ሻጭ ሆና በምትጫወተው ልጅ ላይ ዱላ ሲያነሳ አባባ እርጥብ ሣር ከወለሉ አንስተው መድረኩ ላይ ወጡና በመካከላቸው ተንበረከኩ። በእኛ አገር ሽማግሌ ሣር ይዞ ከተንበረከከ አልፎ የሚመታ እንደሌለ አንቺም ታውቂያለሽ። ሰዉ የቴአትሩ ክፍል መስሎት አጨበጨበ። ከመጋረጃው ጀርባ የቡድኑ ልጆች «ምታት እንጂ፣ ቀጥል» ሲሉት ካሱ «ሣሩን አልፌ?» አለና ዱላውን ጥሎ እሱም ተንበረከከ። መጋረጃው ተዘጋ።

ቤት ስንገባ ጨዋታ እንደነበር ባስረዳቸው አባባ «ቴአትሩን አላውቅም፤ ካሱን ግን አውቀዋለሁ» አሉኝ።

በሁለተኛው ቀን ካሱ ሽማግሌዎች ይዞ መጣ። «አባቴ፣ ሣርዎን አክብሬያለሁ፤ ከልጅዎ ያስታርቁኝ» አላቸው። እሳቸውም «የተሰበረው ክንድ የእኔ አይደለም። ይቅር የምትል ካለች እሷ ናት» ብለው መለሱት።

ከዚያ ወዲህ ቴአትሩ አባባ የተንበረከኩበት ቦታ ሲደርስ ይቆማል። ተመልካቹ «መጨረሻውስ?» ሲለው ካሱ «መጨረሻው ቤይሩት ነው ያለው» ይላል። ተለውጧል ብዬ አልምልልሽም፤ ጥሩ ተዋናይ መሆኑን ግን አይቻለሁ።

ልጄ እድላዊት አክስቴን ሳሙልኝ ብላለች። ፀዳለ ከነልጆቿ ሰላም ትልሻለች። እማዬ ብርድ ሲሆን ክንድሽን ይጠዘጥዝሽ እንደሆነ ጠይቅልኝ ብላለች። አባባ መልስሽን ሳይሰሙ ወደ ዶርዜ አይወጡም፤ እሺም ብትዪ እንቢ፣ ያልሽውን ለካሱ ይነግሩታል።

ወንድምሽ እንድሪያስ ኤርጫፎ
አርባ ምንጭ፣ ሲቀላ
የካቲት 14 ቀን 2002 ዓ.ም.