አንድ ተኩል እርምጃ

ውድ የእህቴ ልጅ ሂላሪ፣

ሰላምታዬ ያን ሁሉ ባሕር ተሻግሮ ሳይቀዘቅዝ ይድረስሽ። እንዴት ነሽ? ያ ዝምተኛ ባልሽስ እንዴት ነው? አንድ ዓረፍተ ነገር ጨረሰ ወይስ ገና ነው? ትንሿ ኤማ ጥርስ አወጣች? በጎቹስ ደህና ናቸው? ኒውዚላንድ ውስጥ ከሰው በግ ይበዛል ስለሚባል፣ ሳልጠይቃቸው ባልፍ እንዳይቀየሙኝ ብዬ ነው። እኛ ደህና ነን። የእኔ ጉልበት ብቻ ደረጃ ስወጣ እንደ አሮጌ በር ይጮኻል። ሚስቴ ሺላ «ሌባ ቢመጣ ካንተ ጉልበት እለየዋለሁ» ትላለች።

በደብዳቤሽ «እማዬ አንተና አባዬ አትነጋገሩም ትላለች፤ ሁለት ሽማግሌዎች ምን ነካችሁ?» ብለሽ ተቆጥተሻል። መጀመሪያ ነገር፣ አባትሽ ስልሳ ዓመቱ ነው፣ እሱን ሽማግሌ በይው። እኔ ሠላሳ ዘጠኝ ነኝ። በዚህ ዕድሜ ሽማግሌ የሚባለው ግብ ጠባቂ ብቻ ነው። ሁለተኛ፣ እናትሽ ምክንያቱን አታውቅም። አባትሽ አልነገራትም። ለአንቺ ግን እነግርሻለሁ፤ ከድንጋይ ከሰል ማስቀመጫችን በር ፊት ቆመሽ ኳስ ስትይዢ ያደግሽ ስለሆንሽ ይገባሻል።

ዘንድሮ ለክለባችን በግብ ጠባቂነት አምስት መቶኛ ጨዋታዬን ልጫወት አራት ብቻ ቀርተውኝ ነበር። በአራተኛ ዲቪዚዮን፣ በዝናብና በጭቃ፣ አሥራ ሰባት ዓመት የተሰበሰቡ ናቸው። ዋንጫ የለኝም፣ ጋዜጣም ስሜን አስተካክሎ ጽፎት አያውቅም። ያቺን ቁጥር ብቻ ነበር የፈለግሁት።

ወደ ክለቡ የመጣሁ ሰሞን፣ የግቡ መሐል የት እንደሆነ ዞሬ ሳላይ ለማወቅ ሣሩን በተረከዜ አሰምር ነበር። አንድ ቀን ዳኛው ለዚህ አስጠንቅቆ ስሜን መዘገበ። አባትሽ ደግሞ የሜዳው ተንከባካቢ ነውና ከዳኛው ብሶ እየሮጠ መጣ። «አንተ ገልቱ፣ ሣሬን አትቧጭርብኝ! ና ላሳይህ» ብሎ ትከሻዬን ይዞ አቆመኝ። ከማዶኛው ግብ ጀርባ ያለውን የሸክላ ፋብሪካ ጭስ ማውጫ አሳየኝ። «ጭስ ማውጫው ከማዶኛው ግብ መሐል ሲቆምልህ፣ አንተም ከራስህ ግብ መሐል ቆመሃል» አለኝ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ሌላ ሜዳ ስንሄድ የግቡን ቋሚዎች እየዳበስኩ እጫወታለሁ፤ በገዛ ሜዳዬ ግን ጭስ ማውጫው ፊቴ ሲሆን አንድም ቀን ዳብሼ አላውቅም። በገዛ ቤቱ ማን እየዳበሰ ይሄዳል?

ዘንድሮ ሚስተር ራድክሊፍ የሚባል አዲስ አሰልጣኝ መጣ። ጋሪ የሚባል ወጣት ግብ ጠባቂም ከቀድሞ ክለቡ ይዞ መጣ። የዘንድሮ የመጀመሪያ ሦስት ጨዋታዎቻችን ሁሉም በሜዳችን ነበሩ፤ ሰባት ግብ ገባብኝ። ስድስቱ በግራዬ በኩል፣ ያውም ፊቴን ወደ ጭስ ማውጫው ባዞርኩበት አጋማሽ። ያኔ መንቃት ነበረብኝ። እኔ ግን እግሬን ወቀስኩ፣ ዕድሜዬን ወቀስኩ። ሥጋ ሻጩ ኧርኒ ከእናትሽ አጠገብ ተቀምጦ «ዴዝሞንድ! ቋሚው ሚስትህ አይደለም፣ ልቀቀው!» ብሎ ሲጮኽ ሜዳው ሁሉ ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። ከሦስተኛው ጨዋታ በኋላ ደጋፊው ራሱ «ጋሪ ይግባ» ማለት ጀመረ፤ እኔም ወደ ሁለተኛው ቡድን ተላክሁ። ቁጥሬ አራት መቶ ዘጠና ዘጠኝ ላይ ቆመ።

ከእያንዳንዱ ጨዋታ በኋላ አባትሽ በመሣሪያ ቤቱ ሻይ አፍልቶ ይጠብቀኝ ነበር። «ዕድል ነው፣ ዴዝ። ያልፋል» ይለኝ ነበር። ስኳሬንም ራሱ ያማስልልኝ ነበር።

ኅዳር ላይ፣ አመዳይ በጣለበት ጠዋት፣ ለልምምድ ቀድሜ ሄድኩ። ሣሩ ነጭ ሆኖ ነበር። የአምናው መስመር ከዘንድሮው መስመር ጎን፣ ከአመዳዩ ሥር ወጥቶ ቁልጭ ብሎ ይታያል። በመካከላቸው ያለውን ለካሁት፤ አንድ ተኩል እርምጃ። ሜዳው በሙሉ፣ ከነግቦቹ፣ ወደ ቀኝ ተዛውሯል። ጭስ ማውጫው ግን አልተዛወረም። ጭስ ማውጫውን ከማዶኛው ግብ መሐል ላቆም ስል፣ ለካ ከራሴ ግብ መሐል ወደ ቀኝ አልፌ፣ ግራዬን እንደ በር ከፍቼ ነው የምቆመው።

መሣሪያ ቤት ገባሁ። አባትሽ ፊቴን ሲያይ ማንቆርቆሪያውን አስቀመጠ። «ከግቡ ፊት ያለው ሣር አልቆ ስለነበር ሜዳውን በበጋ አዛወርኩት» አለኝ። «ለምን አልነገርከኝም?» አልኩት። ያኔ ነው እውነቱን ያወጣው። የጭስ ማውጫውን ነገር ለራድክሊፍ በቢራ መሐል እንደ ቀልድ አጫውቶት ነበር። ራድክሊፍም ሜዳው ሲዛወር «ለዴዝሞንድ እንዳትነግረው፣ ሥራህን የምትወድ ከሆነ» አለው። «ለጡረታ አምስት ዓመት ነው የቀረኝ፣ ዴዝ» አለኝ አባትሽ። ሻዩን ሳልጠጣ ወጣሁ።

ራድክሊፍን አልጠላሁትም፣ ሂላሪ። ጥርስ ካለው ውሻ መነከስ ያለ ነው። ያንገበገበኝ ያ የስኳር ማንኪያ ነው። ግራዬ ክፍት መሆኑን እያወቀ «ዕድል ነው» እያለ ሲያማስል የነበረው እጅ።

ትናንት ግን ነገር ተገለበጠ። ጋሪን የእጁ አንጓ ወለም አለው፤ ራድክሊፍም ሎሚ እንደመጠጠ ሰው ሆኖ ስልክ ደወለልኝ። አምስት መቶኛዬን ልጫወት ገባሁ። ፊቴን ወደ ማዶ ሳዞር፣ ከማዶኛው ግብ ጀርባ ካለው አጥር ላይ አንድ ቀይ ባልዲ ተሰቅሎ አየሁ። የአባትሽ ባልዲ ነው። ከጭስ ማውጫው በስተቀኝ፣ በአዲሱ ሜዳ ልክ ሰቅሎልኛል። እሱ ራሱ ከሥሩ ቆሞ፣ ቆቡን በእጁ ይዞ፣ ወደ እኔ ያያል።

ዳኛው እስኪያፏጭ ጥቂት ጊዜ ነበረኝ። ጀርባዬን ሰጠሁትና ሰውነቴን የማሟሙቅ መስዬ፣ ከአንዱ ቋሚ እስከ ሌላው እየቆጠርኩ ተራመድኩ። መሐሉን አገኘሁ። ከዚያ ቀና ብዬ ባልዲውን አየሁ።

ባልዲው ልክ ነበር።

አንድ ለዜሮ አሸነፍን። በግራዬ የመጣችውን ኳስ በጣቴ ጫፍ አወጣኋት፤ ኧርኒም «ከቋሚው ተፋታ!» ብሎ ጮኸ። ከጨዋታው በኋላ በመሣሪያ ቤቱ በኩል አላለፍኩም። ለፋሲካ ኤማን ይዘሽ ስትመጪ ግን ከአባትሽ ጋር በአንድ ገበታ እቀመጣለሁ። ስኳሬን ራሴ አማስላለሁ።

ለዝምተኛው ባልሽ ሰላም በይልኝ፤ መልስ አልጠብቅም። ኤማን ሁለቱንም ጉንጯን ሳሚልኝ። ሺላ የሠራችው ሹራብ በመርከብ ተልኳል፤ አንዱ እጅጌ ቢረዝም ምንም እንዳትይ። እናትሽ ደህና ናት፣ ሳምሻለች። አባትሽ ሲጽፍልሽ ስለ ባልዲው ካነሳ፣ ማየቴን ንገሪው። መለካቴን አትንገሪው።

አጎትሽ ዴዝሞንድ
ሃርንሊ፣ ላንክሻየር
ዲሴምበር 7 ቀን 1986 እ.ኤ.አ.