የካሬው ግማሽ

ለልጄ የእንጀራ እናት፣

እንደምን ሰንብተሻል? ወገብሽንስ ተሻለሽ ወይ? ልጄ ነግራኝ ነው እንጂ ስሰልልሽ አይደለም። እኔ ዓይኔ ክር ከመርፌ ማገናኘት እንቢ ከማለቱ በቀር ደህና ነኝ። መምህርት ነሽና አንቱ ልልሽ ነበር፤ ኋላ ግን ታላቅሽ መሆኔ ትዝ ሲለኝ አንቺ ማለቱ ቀለለኝ።

ልናገረውና ይውጣልኝ፦ ቀንቼብሻለሁ። በአባቷ እንዳይመስልሽ። እሱንማ ስታገቢው ማንኮራፋቱን አብረሽ ስለወሰድሽልኝ ተገላግያለሁ። የቀናሁት በልጄ ነው። እናንተ ጋ ሰንብታ በመጣች ቁጥር ቤቱ በአንቺ ወሬ ይሞላል፤ እሷ ስታስረዳ እንዲህ ነው፣ እሷ ስትስቅ እንዲያ ነው። አንድ ቀን ፀጉሬን እንደ እሷ ሥሪልኝ ብትለኝ ማበጠሪያውን ወርውሬ ወጣሁ።

ሰሞኑን ደግሞ እስከ ፈተና እናንተ ጋ ልቀመጥ አለች። ሒሳብ የሚገባት አንቺ ስታስረጃት ነው አሉ! ደሜ ፈላ። የትምህርት ቤት አስተማሪዋ ከቤት ሦስት ማዕዘን ቆርጣችሁ፣ ስፋቱን አስልታችሁ ኑ ብላቸው ነበር። «ዕድሜዬን ሙሉ ጨርቅ ስቆርጥ ኖሬ ይቺ ታቅተኛለች?» አልኳት። መሠረቱን በከፍታው አባዝቶ ለሁለት ማካፈል ነው ብላ አነበበችልኝ። ከቁርጥራጭ ጨርቅ አንድ ቆረጥኩና ሜትሬን ዘረጋሁ። እኛ ልብስ ሰፊዎች ደግሞ የምንለካው መርፌው የሚሄድበትን ጠርዝ ነው። ታችኛው ስድስት ሳንቲ ሜትር፣ ሁለቱ ሰያፍ ጎኖች አምስት አምስት። አባዛሁ፣ ለሁለት አካፈልኩ፣ አሥራ አምስት! ልጄ ጨርቁን አየች፣ እኔን አየች። «በቃ ገባኝ፣ እማዬ» አለች። እንዴት እንደኮራሁ! ንገሪያት ለዚያች… ብዬም ነበር። ቀሪውን አልጽፈውም።

በማግስቱ አስተማሪዋን መንገድ ላይ አገኘኋት። እየሳቀች አጫወተችኝ። ልጄ ሰሌዳው ላይ አሥራ አምስት ብላ ጻፈች። ከፍታ ማለት ከጫፉ ወደ መሠረቱ ቀጥ ብሎ የሚወርደው ነው እንጂ ሰያፉ አይደለም፣ አራት ነው፣ መልሱም አሥራ ሁለት ነው ብትላት፣ «እናቴ ናት የለካችው» ብላ ድርቅ። ክፍሉ በሙሉ ሳቀባት። አስተማሪዋን የገረማት ግን፣ ባለፈው ሳምንት ይህንኑ ለጓደኞቿ አጥርታ ያስረዳችው ልጄ ራሷ መሆኗ ነው።

ቤት ገብቼ፣ እያወቅሽ ለምን አልኳት።

«ደስ ብሎሽ ነበራ» አለችኝ።

ጓዳ ገብቼ አለቀስኩ። ቅናቴ ጠፋ አልልሽም፤ ነገር ግን ሻንጣዋን ያሰናዳሁት ራሴ ነኝ። እስከ ፈተናው አንቺ ጋ ትሁን። ስትተኛ ብርድ ልብሱን ትገፍፈዋለች፣ ተነሥተሽ አልብሻት። ሽንኩርት ካየች ሾርባውን አትነካም። ይህን ታውቂው ይሆናል፤ ቢሆንም ከእኔ ስሚው። ፀጉሯን ግን ለእሑድ ተዪልኝ።

ሻንጣው ውስጥ የአንገት ልብስ አለልሽ። ከአንድ ካሬ ጨርቅ ከጥግ እስከ ጥግ የቆረጥኩት ነው። ያ ለሁለት ማካፈል የሚሉት ነገር የገባኝ መቀሱ መሐል ላይ ሲደርስ ነው። ሰያፉ እንዳይለጠጥብሽ በእጄ ጠርዤዋለሁ። ሌላው ግማሽ እኔ ጋ አለ።

ወገብሽን ይማርልሽ፤ ቤትሽ ሳቅ አይጣ። ለአንኮራፊውም ሰላም በይልኝ።

የልጅሽ እናት